ቢጫ አፍንጫ

መጀመሪያ ወደ ባሌው ሳነቴ አምባ የወጣሁት በ1990 ዓ.ም. ኅዳር ወር፣ ትራይፖድ ተሸካሚ ሆኜ ነው። ሃያ ሦስት ዓመቴ ነበር። አዲስ አበባ ሠርግ እየቀረጽኩ ነበር የምተዳደረው። የዱር እንስሳት ፊልም የሚሠሩ የውጭ ሰዎች ጉልበት ያለውና እንግሊዝኛ የሚሰማ ልጅ ይፈልጋሉ ሲባል ሰምቼ ሄድኩ፤ ወሰዱኝ። ከጎባ ተነስተን የአስታውን ጫካ አልፈን አምባው ላይ ብቅ ስንል 4,000 ሜትር ከፍታ ላይ ነበርን። ከመኪናው ወርጄ ሃያ እርምጃ ሳልሄድ የልቤን ምት በጆሮዬ ሰማሁት።

ቀይ ቀበሮ ያየሁት በዚያው ቀን ነው። ስሙን እንጂ መልኩን አላውቅም ነበር። እግሩ ረጅም፣ አፉ ሹል፣ ጉሮሮና ደረቱ ነጭ፣ የጅራቱ ጫፍ ጥቁር፤ የቀረው ሰውነቱ አዲስ እንደተጋገረ ሸክላ ቀይ ነው። ከኢትዮጵያ ደጋ በቀር በዓለም ላይ የትም የለም። አዋቂዎቹ ሁሉ ቢቆጠሩ 500 አይሞሉም፤ ከነዚያ ውስጥ ከግማሽ የሚበልጡት ባሌ ናቸው። አብረውን የነበሩት ሽማግሌ ስካውት ይህን ሲነግሩኝ በጣታቸው ምድሩን እያሳዩ፣ "ከእኔ ዘመዶች ቁጥር ያንሳሉ፣ ልጄ" አሉኝ።

ዳይሬክተሩ በሌንሱ ውስጥ ጥቂት ካየ በኋላ ቀና ብሎ በእጁ ወደ ግራ ጠቆመኝ። እዚያ ሦስት ፈረሶች፣ ጥቂት ከብቶችና ብርድ ልብስ የተከናነበ እረኛ አሉ። "ፍሬሙን አጽዳ" አለኝ። ትራይፖዱን አስቀምጬ እያለከለክሁ ሮጥኩና እረኛውን ከጉብታው ማዶ እንዲሆን በምልክት ለመንኩት። ምንም ሳይል ከብቱን እየነዳ ሄደ። ቀረጻው ተጀመረ።

ፍሬም ማጽዳት ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት የእኔ ሥራ ሆነ። በየሄድንበት ከብት አባረርኩ፣ እረኛ አሸሸሁ፣ ከአጥር ላይ የተሰጣ ልብስ አስነሳሁ፣ የጎጆ ጭስ እስኪበርድ ጠበቅሁ። ሲጠናቀቅ ፊልሙ ላይ የሚታየው ሰው ያልረገጠው ምድር ነው። ውሸት ነበር ብዬ ለመናገር አልደፍርም፤ ቀበሮው እውነተኛ ነው፣ አደኑ እውነተኛ ነው፣ ያ ሁሉ ብርድም እውነት ነበር። ነገር ግን አንድም ቀን ቀበሮ ብቻውን በቆመበት አምባ ላይ አልዋልኩም። ሁልጊዜ ከጎኑ ፈረስ፣ በግ፣ ወይም ዱላውን በትከሻው ያጋደመ ልጅ አለ።

ያን ጊዜ የምንቀርጸው በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ነው። አንዱ ጥቅል 11 ደቂቃ ገደማ ይሄድና ያልቃል። ሲያልቅ ሁለት እጅን እስከ ክርን ብርሃን በማያስገባ ጥቁር ከረጢት ውስጥ ከትቶ፣ ምንም ሳያዩ በዳሰሳ ብቻ ያለቀውን አውጥቶ አዲሱን መግጠም የረዳት ሥራ ነው። አመዳይ በወረደበት ጠዋት ጣት አይታዘዝም። ጓንት ማድረግ ደግሞ አይቻልም፤ የፊልሙ ጠርዝ ቀዳዳ ጥርሱ ላይ መግባት አለመግባቱን የሚያውቀው የጣት ጫፍ ነው። ባትሪዎቹን ብብቴ ሥር አድርጌ ነበር የማድረው፤ ብርድ የመታው ባትሪ ሙሉ ሆኖ ሳለ ባዶ ነኝ ይላል። ካሜራውን ግን ድንኳን ውስጥ አናስገባም ነበር። ከውጭው ብርድ ሰው ወደሚተነፍስበት ድንኳን የገባ ሌንስ ያልበዋል፤ ያ ላብ ሲነጋ በረዶ ይሆናል። ስለዚህ ካሜራው ሸራ ለብሶ ደጅ ያድራል። ሽማግሌው ስካውት ሱብሂ ለመስገድ ሲነሱ በጣሳ ያደረውን ውሃ በድንጋይ ሰብረው ውዱእ ያደርጉና ሲመለሱ ሸራውን ነካ አድርገው ያልፋሉ። ደህና ማደሩን የሚጠይቁት ይመስለኝ ነበር።

የቀበሮው አደን ትዕግሥት ነው። ዋና ምግቡ ግዙፉ ፍልፈል ይባላል፤ እሱም ከባሌ ተራሮች ውጪ የማይገኝ፣ ወደ 1 ኪሎ የሚጠጋ እንስሳ ነው። ዓይኖቹ ወደ አናቱ የወጡ ስለሆኑ ጭንቅላቱን ብቻ ከጉድጓዱ ብቅ አድርጎ ዙሪያውን ይቃኛል። ከአፋፉ ሣሩን በጥርሱ ያጭድና ፊቱን ሳያዞር የኋሊት ይገባል። አንዲት ቡናማ ትንሽ ወፍ ደግሞ አጠገቡ ቆማ የገለበጠውን አፈር ትለቅማለች። ቀበሮው ሆዱ መሬት እስኪነካ አጎንብሶ ይጠጋል፤ አንድ እግሩን አንስቶ ሳያሳርፈው ይቆያል፤ ጆሮውን ወደ ምድር ያዘነብላል። ከዚያ ይጠብቃል። ፍልፈሉ ከሥር ሆኖ ይጠብቃል። እኛ ከ200 ሜትር ርቀት ላይ ሁለቱንም እንጠብቃለን። በዚያ ርዝመት ሌንስ የሚጠራው ስፍራ ጠባብ ነው፤ ቀበሮው ወደ ፊት እየመጣ ሲሄድ ይደበዝዛል። ትንፋሻችንን ይዘን አርባ ደቂቃ የጠበቅንበት ቀን አለ። ወፏ ብር ስትል ዘለለ፤ ከአፈርና ከሣር በቀር ምንም አልያዘም። ካሜራ ማኑ ዓይኑን ከመመልከቻው ሳያነሳ "እንደገና" አለ፤ እኔም ጥቁሩን ከረጢት አነሳሁ። በመጀመሪያው ጉዞ ሳነቴ ላይ 5 ሳምንት ተቀመጥን። ከሳነቴው ቀረጻ ፊልሙ ላይ የገባው 6 ደቂቃ ነው።

ስለ ድምፅም ልናገር፤ ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር ስለሆነ። ሌንስ 200 ሜትር ያቀርባል፣ ማይክሮፎን አያቀርብም። በቴሌቪዥን ቀበሮ ሣር ላይ ሲራመድ የምትሰሙት ድምፅ ብዙውን ጊዜ ኋላ ስቱዲዮ ውስጥ በሰው እጅ የተሠራ ነው። ከቦታው የሚመጣው የምድሩ ድምፅ ነው፤ ነፋሱ፣ ቁራው፣ ሩቅ የሚፈስ ውሃ። የድምፅ ባለሙያው ለብቻው ተቀምጦ አሥርና አሥራ አምስት ደቂቃ ዝም ብሎ አየሩን ይቀዳል። በዚያ ሰዓት ሁሉም ሰው ባለበት ይቆማል፣ ማንም አይናገርም። ሙያውን እንድለምድ ያረጀች መቅጃውን ሰጠኝና እሱ ሲቀዳ እኔም እቀዳ ጀመር። ካሴቶቹን በአማርኛ ቀን እየጻፍኩ በብስኩት ቆርቆሮ አስቀመጥኳቸው።

የቀበሮውን የኦሮምኛ ስም የነገሩኝ ሽማግሌው ስካውት ናቸው። "ጀዳላ ፋርዳ" ይሉታል፤ የፈረስ ቀበሮ ማለት ነው። ለምን የፈረስ ተባለ ብዬ ጠየቅኋቸው። ልትወልድ የደረሰች ባዝራ ስታገኝ ከኋላ ከኋላዋ ይሄዳል፤ ስትወልድ የእንግዴ ልጁን ይበላል አሉኝ። ያን ዕለት ማታ ድንኳን ውስጥ እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ባለአገሩ እንስሳውን በፈረሱ ስም ሲጠራው ኖሯል፤ እኛ ስድስት ሰዎች ከሩቅ መጥተን ፈረሱን ከፍሬም እናስወጣለን።

አሁን ወደ 1993 ዓ.ም. ልምጣ።

የቀረጻ ፈቃዱ ዘግይቶ ሰኔ ላይ ነበር የወጣነው። ሰማዩ ከብዷል፣ ጉሙ ይመጣል ይሄዳል። በዚያ ወቅት እንደ ችቦ ቀጥ ብላ የምትቆም፣ ጫፏ ቀይ ሥሯ ቢጫ የሆነች አበባ ሜዳውን ሞልታው ነበር። ዘጠኝ ዓመት የሚሆነው እረኛ ልጅ ሁለት ቀን ሙሉ ከእኛ አልተለየም። በጎቹን ማዶ ትቶ ይመጣና ከእኔ ኋላ ቁጢጥ ይላል። የሹራቡ እጅጌ ክንዱ ድረስ ተተልትሏል። አበባዋን ይቀነጥሳል፣ አንድ አንዱን ቱቦ እየነቀለ ሥሩን ይመጥጣል፣ ይጥላል። ለእኔም ሰጠኝ። መጠጥኩት፤ ማር ነው።

በሁለተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ ጉሙ ሲገለጥ አንዲት ቀበሮ ከአበቦቹ መካከል ወጣች። አፍንጫዋ ቢጫ ነበር። ከአፏ ጫፍ እስከ ዓይኗ ሥር ዱቄት የተነሰነሰባት ትመስላለች። ካሜራ ማኑ በሌንሱ ሲያይ ቆየና እጁን ከመክፈቻው ላይ አነሳ። ማጋዚኑ ውስጥ የቀረው ፊልም ሁለት ደቂቃ አይሞላም። ጠዋት የቀረጽናት ያቺው ቀበሮ አፍንጫዋ ንጹሕ ነበር፤ ሁለቱ ምስሎች አይገጣጠሙም፣ ተመልካች ግራ ይጋባል። "ቆሽሻለች፣ እስክትጠራ እንጠብቅ" አለ። ቀበሮዋ ወደ ሌላ አበባ ሄደች። ጀርባዋን ሰጥታን አንገቷን ወደ ላይ ስታንጠራራ አየሁ። ልጁ ትከሻዬን ነካ ነካ አድርጎ በኦሮምኛ አንድ ነገር ተናገረ። የድምፅ ባለሙያው አየሩን እየቀዳ ስለነበር ዞር ብዬ ጣቴን አፌ ላይ አደረግሁ። ጉሙ ተመለሰና ሁሉንም ሸፈነው።

ከዚያ በኋላ ስለዚያች ቀበሮ ማንም አላነሳም።

1996 ዓ.ም. ሲገባ ወብ ሸለቆ ውስጥ የእብድ ውሻ በሽታ ገባ። ወብ ከሳነቴ ዝቅ ያለ፣ ሣሩ አጭር፣ ውሃው ብዙ፣ ከብት ሆራ ሊጠጣ ከሩቅ የሚወርድበት ሸለቆ ነው። በሽታው የመጣው ከከብቱ ጋር ከሚመጡት ውሾች ነው። ያን ጊዜ ለሌላ ፊልም ሠሪ ድርጅት ነበር የምሠራው፤ የተላክነው ግልገሎች ልንቀርጽ ነበር። ቀያይ ቀበሮዎች ለየብቻ ያድናሉ እንጂ በመንጋ ነው የሚኖሩት። የምትወልደው አለቃዋ ሴት ናት፤ ሌሎቹ ሁሉ ለግልገሎቹ ምግብ ያመጣሉ፤ አንዳንዴ ያልወለደችው ሴት ጭምር ታጠባለች። ጠዋት ከመበታተናቸው በፊት እየተሻሹ፣ እየተላላሱ ሰላምታ ይለዋወጣሉ። እኔ በሙያዬ ከዚያ ሰላምታ የሚበልጥ ቀርጬ አላውቅም። ለበሽታው የተመቸውም ያ ሰላምታ ነው፤ ከአንዱ ምራቅ ወደ ሌላው።

የመጀመሪያውን ሬሳ ያገኘነው ጅረት ዳር ነው። በማግስቱ ሁለት። ለይተን የምናውቃቸው፣ በጆሯቸው ቅዳጅና በጅራታቸው የምንጠራቸው ናቸው። አንደኛው ሊወድቅ ሲል ወደ እኛ መጣ፤ ፈጽሞ ሰው የማይጠጋው እንስሳ እየተንገዳገደ እግራችን ሥር ደረሰ። ስካውቶቹ በምልክት ወደ ኋላ አሉን። ካሜራው ይሠራ ነበር። ያን ምስል እስከ ዛሬ ማየት አልችልም። በዚያ ወረርሽኝ ወብ ውስጥ ከነበሩት ቀበሮዎች ሦስት አራተኛ ያህሉ አለቁ።

የተመራማሪዎቹና የስካውቶቹ ሥራ ግን መነገር አለበት። ቀበሮዎቹን አንድ በአንድ በወጥመድ ይዘው፣ ዓይናቸውን በጨርቅ ሸፍነው፣ በመርፌ ከትበው ይለቋቸው ነበር፤ ሌሊት ጭምር። ሁሉንም ለማዳረስ ጊዜ አልነበረም። ወብን ከሌሎቹ መኖሪያዎች ጋር የሚያገናኙት ጠባብ ሸለቆዎች ላይ ያሉትን መንጋዎች መርጠው ከተቡ፤ በር መዝጋት ነው። በሽታው እዚያ ቆመ። የተደረገው ነገር ኋላ በሳይንስ መጽሔት ታትሞ ለሌሎች አገሮች ትምህርት ሆኗል።

ፊልማችን ግን ጥፋተኛ ያስፈልገው ነበር፤ የተመረጠው ውሻው ነው። የእረኞቹን ውሾች ጥርሳቸው እንዲታይ እያደረግን ቀረጽን። አንድ ቀን እዚያው ቆመው ሲያዩን የነበሩት ሽማግሌው ስካውት ጠሩኝና እንዲህ አሉኝ። "ውሻ ከሌለ ጅብ በጉን ይበላዋል። እኔ በጌን የት ልወስደው ነው? ውሻውን ከትቡት፤ ለቀበሮውም ለእኔም ይሆናል።" ቃላቸውን ተርጉሜ ለዳይሬክተሩ ነገርኩት። ጥሩ ሐሳብ ነው አለኝ። ፊልሙ ላይ ግን አልገባም፤ ሽማግሌውም አልገቡም። የባሌ ውሾች በየዓመቱ ይከተቡ ነበር፤ በሽታው ሾልኮ የገባው ያልተዳረሱት ብዙ ስለሆኑ ነው። ይህም አልተነገረም። እኔም ክፍያዬን ተቀብዬ ወደ ቤቴ ሄድኩ። ዝም ማለቴ ዛሬም ይቆጨኛል።

የራሴን ካሜራ የገዛሁት ከዚያ ብዙ ዓመት በኋላ ነው፤ ፊልም የማያስፈልገው ዲጂታል። በ2005 ዓ.ም. መንዝ ጓሳ ወጣሁ። ለማን እንደምሠራ ሳላውቅ፣ በራሴ ገንዘብ። ጓሳ ላይ ጭላዳዎች በመቶዎች ሆነው ሜዳው ላይ ተቀምጠው ሣር ይለቅማሉ። ከዝንጀሮ ዘር ሣር ግጦ የሚኖር እነሱ ብቻ ናቸው። በሁለት እጃቸው እየነጩ፣ በቂጣቸው እየተንፏቀቁ፣ እርስ በርስ ሳያቋርጡ ያወራሉ። በመካከላቸው ቀይ ቀበሮ ሲራመድ አየሁ። ቀና ብለው አዩትና ወደ ሣራቸው ተመለሱ። እሱም ግልገሎቻቸውን ቀና ብሎ ሳያይ ቀስ እያለ አለፈ፤ የሚፈልገው ከሥራቸው የሚሯሯጡትን አይጦች ነው። ሁለት ዓመት ቆይቶ በ2007 ዓ.ም. የወጣ ጥናት እንደሚለው እዚያው ጓሳ ላይ ቀበሮ ከጭላዳዎች መካከል ሲያድን 67 በመቶ ይሳካለታል፤ ለብቻው ሲሆን 25 በመቶ።

ሜዳው ለምን እንዳልታረሰ የነገሩኝ ጥበቃ ላይ የነበሩ፣ ገሳ የደረቡ አዛውንት ገበሬ ናቸው። ከ17ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ የሁለቱ አባቶች፣ የአስቦና የጌራ ልጆች ጓሳውን በቄሮ ሕግ እየዘጉ ጠብቀውታል። ለዓመታት ይዘጋል፤ ሲከፈት ለቤት ክዳን፣ ለገመድ፣ ለገሳም ይታጨዳል። በ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ሲመጣ ቄሮው ፈረሰ፤ ሕዝቡ ግን ኋላ ላይ በሌላ መልክ አቋቁሞት አሁንም ይጠብቃል። የሰው ሕግ ባይኖር ሣሩ የለም፣ አይጡ የለም፣ ቀበሮው የለም።

አዛውንቱ ካሜራዬን ሲመለከቱ ቆዩና "እኛስ አለንበት?" አሉኝ።

ትራይፖዱን አዞርኩት። ከፊት እሳቸው፣ ከኋላቸው ጭላዳዎቹ፣ ከነሱ ኋላ ሣሩ። እጄ ከልማዱ የተነሳ እሳቸውን ወደ ጎን ለማስኬድ ተነስቶ ነበር፤ መለስኩት። አርባ ደቂቃ ቀረጽኳቸው፤ ስለ አያታቸው፣ ስለ ቄሮው፣ ጓሳ ሰርቆ ስላጨደ ሰው ተረኩልኝ። ቀበሮ ሁለት ጊዜ ከጀርባቸው አለፈ። እሳቸው አላዩትም፤ እኔ አየሁት። ያ ፊልም ብዙ ቦታ አልታየም፤ መንዝ ላይ ግን በጄኔሬተር፣ በአንሶላ ላይ አሳይቼዋለሁ። አዛውንቱ ከፊት ተቀምጠው ነበር።

ኅዳር 2017 ዓ.ም. አንድ ወዳጄ ደውሎ የባሌን ዜና ሰምተሃል ወይ አለኝ። የኢትዮጵያ ቀይ ቀበሮ የአበባ ማር እንደሚልስ ተመራማሪዎች አረጋግጠው አሳትመዋል። አንዳንዱ በአንድ ጉዞ እስከ 30 አበባ ይጎበኛል፤ አፍንጫው ላይ የአበባ ዱቄት ይዞ ከአንዱ ወደ ሌላው ስለሚሄድ እንደ ንብ አበባውን ሳያዳቅል አይቀርም፤ ትልቅ ሥጋ በል እንስሳ እንዲህ ሲያደርግ ከዚህ በፊት አልተመዘገበም። ፎቶግራፉን ላከልኝ። የቀበሮው አፍንጫ ቢጫ ነው።

የብስኩቱን ቆርቆሮ ከአልጋ ሥር አወጣሁ። መቅጃዋ ከሞተች ቆይቷል፤ ካሴት የሚያጫውት ቴፕ ከጎረቤት ለመንኩ። "ሰኔ 1993፣ ሳነቴ፣ ከሰዓት" ይላል ወረቀቱ በእጅ ጽሑፌ። ነፋስ ነው። ቁራ ጮኸ። ብዙ ጊዜ ነፋስ ብቻ ሆነ። ከዚያ በጣም ቅርብ፣ ጆሮዬ ሥር ሆኖ የልጅ ድምፅ መጣ።

"ጀዳሊስ ኒ አራባ።"

ቀበሮም ይልሳል ማለቱ ነው። ኦሮምኛ ከዚያ ወዲህ ተምሬያለሁ። ወዲያው የእኔ ድምፅ ተከተለ፤ ወጣት፣ የተቆጣ፤ "እሽ! ዝም በል!"

ነፋሱ ቀጠለ። ቴፑን ልዘጋ እጄን ስዘረጋ አንድ ትንሽ ድምፅ ሰማሁ። ወደ ኋላ አጠንጥኜ ድምፁን ከፍ አደረግሁና አዳመጥኩ። ልጁ አበባዋን እየመጠጠ ነው።